በየክፍሉ ተቈራርጦ ስለሚወጣው የሰፈር ታሪክ

ከጥቂት ዓመታት ወዲህ የአንድን ሰፈር ኑሮ የሚተርክ፣ በየክፍሉ እየተቈረጠ በፌስቡክና በቴሌግራም የሚወጣ ልብ ወለድ ታሪክ እጅግ በዝቷል። አንባቢውም ብዙ ነው። ከቆቦ እስከ ጎብዬ፣ ከጎብዬም እስከ ወልድያ ወጣቱ ማታ ማታ አንገቱን ደፍቶ ከሚያነበው አንዱ ይኸው ነው።

ከሽማግሌዎቻችንና ከካህናቶቻችን አንዳንዶቹ ነገሩን «ውሸት ነው» ብለው በአንድ ቃል ያወግዙታል። እኛ በዚህ ከነርሱ ጋራ አንተባበርም። አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ በ1900 ዓ.ም. በሮማ ከተማ ያሳተሙት መጽሐፍ ስሙ ራሱ «ልብ ወለድ ታሪክ» ነበር፤ በዚህ ምክንያት ከሃይማኖቱ የወጣው ሰው ማን ነው? ቈራርጦ ማቅረብም ነውር አይደለም። በ1958 ዓ.ም. የታተመውን የሐዲስ ዓለማየሁን «ፍቅር እስከ መቃብር» ወጋየሁ ንጋቱ በራዲዮ ከፋፍሎ በተረከው ጊዜ፣ ፊደል ያልቈጠረው ሰው ሳይቀር በዛብህንና ሰብለ ወንጌልን እንደ ዘመዶቹ አወቃቸው። ቤተ ክርስቲያንስ ስንክሳሩን በየዕለቱ ከፍላ የምታነበው፣ ሰው የሌላውን ሕይወት ሰምቶ እንዲማር አይደለምን?

እንግዲህ ጠባችን ከታሪኩ ጋራ ሳይሆን ከነጋዴውና ከሌባው ጋራ ነው፤ ከሁሉም ይልቅ ጎረቤቱን ከሚሸጠው ጸሐፊ ጋራ ነው።

ነጋዴው «ክፍል 6 እንዲቀጥል 300 ላይክ» እያለ አንባቢውን እንደ መያዣ ይዞ ያስከፍላል። ሌባው ደግሞ የሌላውን ድካም ገልብጦ፣ የደራሲውን ስም ፍቆ፣ የራሱን ገጽ ስም ያትምበታል። የ1996 ዓ.ም. አዋጅ ቍጥር 410 ደራሲ በሥራው ላይ ስሙ እንዲጠራለት መብት ሰጥቶታል፤ የባለ ሥራውንም ጥቅም በሕይወቱ ዘመንና ካረፈ በኋላ 50 ዓመት ይጠብቃል። በሰው እርሻ ገብቶ ማሽላ የሚያጭድ ሰው በራያ ሜዳ ምን እንደሚባል ሁሉም ያውቃል፤ ታሪክ ለሚያጭደው የተለየ ስም አንፈልግለትም።

ጎረቤቱን ስለሚሸጠው ግን ብዙ መናገር ይገባናል። ይህ ጸሐፊ ሲወቀስ «ስሟን ለውጫለሁ» ይላል። በአዲስ አበባ አንዲት ባሏ የኮበለለባት ጠላ ሻጭ ብሎ ቢጽፍ ሺህ ሴት ይኖራልና ማንም አይታወቅም። በጎብዬ ግን እንዲህ ያለችው ሴት አንዲት ልትሆን ትችላለች። የበሯን ቀለም፣ ከበሯ ፊት ያለውን ቁልቋል፣ የልጅዋን ዕድሜ ሳይለውጡ ስሟን ብቻ መለወጥ ምን ይጠቅማታል? ታሪኩ ከተለቀቀ ጥቂት ቆይቶ ውኃ ስትቀዳ የሚያያት ሁሉ ያነበበውን በፊቷ ላይ ይፈልጋል።

«ሰፈሩ አስቀድሞም በቡና ላይ ያማት ነበር» የሚሉም አሉ። እውነት ነው። ነገር ግን በቡና ላይ አንዷ ስታማ ሌላዋ ትከላከላለች፤ ከአቦል ተነሥቶ በረካ እስኪደርስም ነገሩ ይለዝባል፤ የተናገረችውም ሴት ነገ በፊቷ ልትጠየቅ ትችላለች። በስልክ የወጣውን ጽሑፍ ግን የሚያለዝበው የለም፤ ጅዳ ያለው የሰፈር ልጅም ያነበዋል። የነፍስ አባት የሰማውን እስከ መቃብሩ ሊጠብቅ ግዴታ አለበት፤ ጸሐፊው በዚያችው ሴት ቤት እንጀራ እየበላ የሰማውን እስከ ማታ እንኳ መጠበቅ አቃተው።

ቈራርጦ ማውጣት ነገሩን የሚያከፋው በዚህ ነው። ደራሲው በክፍል ሁለት ሴቲቱን ይከሳል፤ በክፍል ዐሥራ አራት ንጹሕነቷን ሊገልጥ ያስባል። እስከዚያ ግን ማን ዋስ ይሆናታል? በህንድ ምሥራቃዊ ጫፍ የሚኖሩ የማኒፑር ሰዎች በምድጃ ዳር የሚነገረውን ተረት ፉንጋ ዋሪ ይሉታል፤ የሰፈራቸውንም ወግ እንደኛው በፌስቡክ የሚጽፉ አሉ። በ2015 ዓ.ም. በዚያ ሁከት ሲነሣ ኢንተርኔት ተቋረጠ፤ በዚያው ዓመት ክረምት በአማራ ክልልም እንዲሁ ሆነ። በዚህ ጊዜ ክሱ የወጣበት፣ ፍርዱ ግን ያልደረሰበት ታሪክ ሁሉ ሰውን በመካከል አንጠልጥሎ ይቀራል።

በራያ ቆቦ ደግሞ ከሐሜት የከፋ አለ። ደም የተቃቡ ወገኖች በዘወልድ ሽማግሌዎች ፊት ቆመው ይታረቃሉ። ለክፍል ሦስት ማጣፈጫ ያጣ ልጅ ተነሥቶ ያንን የታረቀ ደም ቢተርከው፣ ገዳዩን «ጀግና»፣ የሟቹን ወገን «ፈሪ» ቢለው፣ የሚነሣውን ጠብ የሚያበርደው ማን ነው? የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ ስሙ ለጠፋበት ሰው ካሣ ይፈርዳል። ለሞተ ሰው ግን ካሣው ምን ያደርግለታል?

ስለዚህ የምትጽፉ ልጆች፣ ታሪኩን እስከ መጨረሻው ጽፋችሁ ሳትፈጽሙ የመጀመሪያውን ክፍል አታውጡ። የራሳችሁን ስም በግልጥ ጻፉ፤ የጎረቤታችሁን ቤት ግን ከነደጃፉ ለውጡት። ጀምራችሁ ያቆማችሁም ካላችሁ፣ አዲስ ታሪክ ከመጀመራችሁ በፊት የቀረውን አውጡ፤ ያቺ ሴት እስከ ዛሬ በክፍል ስድስት ውስጥ ተከስሳ ቆማለች።