ፍሉድ ያልሸፈነው

ፉሪ ካሉት ፎቶ ኮፒ ቤቶች አንዱ (ስሙ ይቅር) ሰሞኑን አዲስ ሸቀጥ አውጥቷል፦ ከመጽሔት ላይ የተባዛ የአግድምና የቁልቁል የቃላት ጨዋታ፣ በስቴፕለር ተጠርዞ። የመጽሔቱ ስም ያረፈበት የገጹ ግርጌ በፍሉድ ተለቅልቋል። «መጽሔቱን በገንዘቤ ነው የገዛሁት» ይላል ባለቤቱ። ወረቀቱንማ ገዝቷል። ጨዋታው የእሱ ከሆነ ግን ፍሉዱን ምን አመጣው?

ይህ ዓምድ ከአባዢዎች ጋር ያለው ጠብ የቆየ ነው። በፊት ነገሩ በቴሌግራም የሚዘዋወር የመጽሐፍ ፒዲኤፍ ነበር። «ሕዝብ ያንብብ ብለን ነው» ባዮቹ ዛሬም አሉ፤ ደራሲው ምን ይብላ ሲባሉ ዝም ይላሉ።

የቃላት ጨዋታ ደግሞ አዘጋጁን የሚያለፋ ሥራ ነው። «ፉሪ» እና «ቡራዩ» በቁቤ ሲጻፉ በ«አር» ወይም በ«ዩ» ይገናኛሉ፤ በፊደል ግን አንድም የጋራ ሳጥን የላቸውም። «ሪ» ሌላ፣ «ራ» ሌላ። «ሰበታ» እና «ሱሉልታ» በ«ታ» ብቻ ይተርፋሉ። ከ230 በላይ ሆሄያት ይዞ አግድሙን ከቁልቁሉ የሚያጋጥም ሰው ስንቱን እየሰረዘ እንደሚያመሽ መገመት ነው። ከዚያ ፍንጩ አለ፤ የማይቀል፣ የማያናድድም።

የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለአንባቢ ቸር ነው። የታተመን ሥራ ለግል መገልገያው ብቻ አንድ ቅጂ የሚያነሳን ሰው ባለመብቱ አይከለክለውም። መጽሔቱን ላለማበላሸት ገጹን ገልብጦ በእርሳስ የሚሞላ፣ ወይም ወመዘክር ቤተ መጻሕፍት ቁጭ ብሎ ሳጥኖቹን በደብተሩ የሚያሰምር ምንም አይሰጋ። አባዝቶ መሸጥ ሌላ ነው፤ አዋጁ ሲወጣ ሆን ብሎ ለጣሰ ከ5 እስከ 10 ዓመት ጽኑ እስራት ተጽፎለት ነበር። ለፎቶ ኮፒ ቤት መቼም ይከብዳል፤ ገቢውን ለአዘጋጁ ቢመልስ ይበቃ ነበር።

ሰውየው መነገድ ካማረው የቁጥር ጨዋታው ሱዶኩ ነበረለት። አዋጁ ሐሳብንና ዘዴን አይጠብቅም። ጨዋታውን እ.ኤ.አ. በ1979 በአሜሪካ ዴል መጽሔቶች ላይ ያወጣው ሃዋርድ ጋርንስ ነው ይባላል፤ በ1984 ጃፓን ውስጥ ያስተዋወቀው የአሳታሚው ድርጅት የኒኮሊ ሰው ማኪ ካጂ ስሙን ከአገሩ ውጭ በንግድ ምልክትነት አላስመዘገበም። የዓለም ጋዜጦች በነፃ አተሙት። የራሱን ቁጥሮች ደርድሮ የሚሸጥን ማንም አይከሰውም።

አራት ኪሎ አንባቢን ድንጋይ ላይ አስቀምጠው ጋዜጣ የሚያከራዩትስ? ይህ ዓምድ ይወዳቸዋል፤ ስንቱ ሥራ ፈላጊ ማስታወቂያ ያነበበው በእነሱ ቸርነት ነው። ጨዋታውን በእስክሪብቶ የሚሞላ ተከራይ ለቀጣዩ ሰው ምንም አያስቀርምና እነሱም ይቆጡታል። ነገር ግን ያው አዋጅ ቅጂን ለሕዝብ ማከራየትንም ከባለመብቱ መብቶች ጋር ደርድሮታል። ፎቶ ኮፒ ቤቱ ይህን ቢሰማ ወዲያው ይጠቅሰዋል፤ የአራት ኪሎዎቹ ግን የማንንም ስም በፍሉድ ሲለቀልቁ አልታዩም።