የደረቅ ቼክ መዝገቦችና የዘገየ ፍትሕ፦ የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ጣልቃ ገብነት

እ.ኤ.አ. በጥር 2005 በሕንድ የ170,000 ሩፒ ክፍያ የተጻፈባቸው ሁለት ቼኮች ባንክ ሳይከፍላቸው ተመለሱ። ጉዳዩ ቀላል ይመስል ነበር፤ ሆኖም ከ16 ዓመት በኋላም እልባት አላገኘም። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በመጋቢት 2020 በራሱ ተነሳሽነት ልዩ መዝገብ እንዲከፍት ምክንያት የሆነውም ይኸው ክርክር ነው።

ከዚህ አንድ መዝገብ ጀርባ የነበረው ክምችት ከፍተኛ ነው። እስከ 2019 መጨረሻ ድረስ በአገሪቱ ውሳኔ ከሚጠብቁ 23.1 ሚሊዮን የወንጀል ጉዳዮች መካከል ከ3.5 ሚሊዮን በላይ የሚሆኑት ካልተከፈሉ ቼኮች ጋር የተያያዙ ነበሩ። እነዚህን ጉዳዮች የሚመለከቱት የመጀመሪያ ደረጃ ዳኞች፣ ማለትም ማጅስትሬቶች ናቸው። ሕጉ ችሎቱ አቤቱታው ከቀረበበት ቀን አንሥቶ በ6 ወር ውስጥ እንዲጠናቀቅ ጥረት ይደረግ ይላል። በሕጉ ቃልና በችሎቱ እውነታ መካከል ያለው ርቀት ግን በዓመታት የሚለካ ሆኗል።

አምስት ዳኞች የተሰየሙበት ችሎት በሚያዝያ 2021 በሰጠው ውሳኔ የመዘግየቱን መንሥኤ በዝርዝር መርምሯል። ማጅስትሬቶች በተፋጠነ ሥነ ሥርዓት ሊታይ የሚገባውን ጉዳይ ያለ በቂ ምክንያት ወደ ረጅሙ ሥርዓት እንዳያዛውሩ፣ ካዛወሩም ምክንያታቸውን በጽሑፍ እንዲያሰፍሩ ታዟል። የምስክሮች ቃል በቃለ መሐላ ጽሑፍ እንዲቀርብም ተፈቅዷል። ከአንድ የገንዘብ ግንኙነት የመነጩ በርካታ አቤቱታዎች ሲኖሩ፣ በአንዱ መዝገብ የደረሰ መጥሪያ ለሌሎቹም እንደ ደረሰ እንዲቆጠር ተወስኗል።

የእነዚህ ትእዛዞች ፋይዳ ዳኛን ከማጣደፍ ያለፈ ነው። ብዙ ጊዜ የሚባክነው ምስክር ሲሰማ ሳይሆን ክርክሩ ከመጀመሩ በፊት ነው፤ ተከሳሹ አድራሻውን ይቀይራል፣ መጥሪያው ሳይደርሰው ይመለሳል፣ ቀጠሮም በቀጠሮ ላይ ይደራረባል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በሴፕቴምበር 2025 ባወጣው ተጨማሪ መመሪያ መጥሪያ በአቤቱታ አቅራቢው እጅና በኤሌክትሮኒክ መንገድም እንዲደርስ፣ ተከሳሹም ገና በጅምሩ በኦንላይን ከፍሎ ጉዳዩን የሚቋጭበት መንገድ እንዲመቻች ማዘዙ ይህንኑ ያመለክታል።

ይሁን እንጂ ትእዛዝ ብቻውን ክምችቱን አያቀልም። ፍርድ ቤቱ በ2022 በአምስት ግዛቶች ጡረታ የወጡ ዳኞች የሚያስችሉባቸው የሙከራ ችሎቶች እንዲቋቋሙ ማዘዙ፣ የሰው ኃይል እጥረቱ ከሥነ ሥርዓቱ ጉድለት እንደማያንስ ያሳያል። ፍጥነትም የራሱ ልክ አለው። ጥፋተኛ የተባለ ሰው እስከ 2 ዓመት እስራት ሊፈረድበት ስለሚችል፣ በጽሑፍ የቀረበን ምስክር ችሎት አስቀርቦ የመጠየቅ መብቱ ሊሸራረፍ አይገባም።

የተባበሩት አረብ ኤምሬቶች ተመሳሳዩን ችግር በሌላ አቅጣጫ ይዛዋለች። ከጥር 2022 ጀምሮ በሥራ ላይ በዋለው የሕግ ማሻሻያ መሠረት፣ የስንቅ ማነስ ብቻውን በአብዛኛው የወንጀል ክስ አያስከትልም። ባንኩ በሒሳቡ ያለውን ገንዘብ በከፊል ይከፍላል፤ ቀሪውን በተመለከተ ቼኩ በቀጥታ ለአፈጻጸም ችሎት የሚቀርብ ሰነድ ይሆናል። ማጭበርበርና ክፍያን በተንኮል ማስቆም ግን አሁንም ያስቀጣሉ። ለቤት ኪራይ ቼክ ለሚፈርሙ ነዋሪዎችና ሠራተኞች ይህ ልዩነት ትልቅ ትርጉም አለው፤ የእስር ስጋቱ ቢቀንስም ዕዳው ይበልጥ በፍጥነት ተፈጻሚ ይሆናል።

ሁለቱ መንገዶች ቢለያዩም መነሻቸው አንድ ነው። ቼክ እምነት የሚጣልበት ባለገንዘቡ መብቱን በወቅቱ ማስከበር ሲችል ነው። ለ16 ዓመታት የተጓተተ ክርክር ግን አሸናፊውንም የሚያከስር ነው፤ በመጨረሻ የሚያገኘው ገንዘብ በ2005 ያጣውን ያህል አይገዛለትምና።