ቅምሻው የእኛ፣ ትርፉ የማን?

በረዶው ቀልጦ የእግረኛው መንገድ ሲደርቅ በመንታ ከተሞቻችን፣ በሚኒያፖሊስና በሴንት ፖል፣ አንድ የንግድ ዓይነት ብቅ ይላል። ይኸውም አስጎብኚው አሥር ወይም አሥራ ሁለት ሰው አስከትሎ፣ በየሱቁ እያስቆመ፣ እዚህ ጣፋጭ እዚያ ቡና እያቀመሰ፣ መንገድ መንገዱን የከተማውን ታሪክ የሚተርክበት የእግር ጉዞ ነው። ጎብኚው ገንዘቡን አስቀድሞ ለአስጎብኚው ይከፍላል። ባለሱቁ የሚደርሰው አስጎብኚው የሚቆርስለት ነው።

እንግዲህ አስጎብኚው ወደ እናንተ ሱቅ መጥቶ «ቡና በጀበና አፍሉልን፤ ለእናንተም ማስታወቂያ ይሆናችኋል» ቢላችሁ ምን ትመልሳላችሁ? የእኔ አስተያየት ባጭሩ እንዲህ ነው። እሺ በሉት፤ ነገር ግን የስኒውን ዋጋ ብቻ ሳይሆን የሰዓቱን፣ የወንበሩንና የታሪኩን ዋጋ ጽፋችሁ አስፈርሙት። በነጻ ወይም በስኒ ሂሳብ ብቻ የሚሰጥ ቅምሻ ማስታወቂያ ሳይሆን ድጎማ ነው።

ይህ ከተማ በጣፋጭና በዱቄት የቆየ ታሪክ አለው (ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው)። ከ1880 እስከ 1930 ድረስ ሚኒያፖሊስ በሴንት አንቶኒ ፏፏቴ ኃይል በሚዞሩ ወፍጮዎቿ በዱቄት ምርት ከዓለም አንደኛ ነበረች። ፍራንክ ማርስ የተባለው ነጋዴ «ሚልኪ ዌይ»ን በ1923 ያወጣው እዚሁ ሚኒያፖሊስ ውስጥ ነው። በሴንት ፖል ዌስት ሰቨንዝ ስትሪት ስሙ የታወቀው የፒርሰን ከረሜላ ፋብሪካ በ1909 ተመሥርቶ፣ ጨው ያለውን የኦቾሎኒ ጥቅል በ1933 ለገበያ አቅርቧል። አስጎብኚ ይህን ሁሉ እየተረከ ቢያስከፍል አይደንቅም፤ የሚሸጠው ታሪኩን ነውና።

ከዚህ ታሪክ ውስጥ ግን ለእኛ ይበልጥ የሚጠቅመን የኬክ መጋገሪያው ነው። መሐሉ ክፍት የሆነውን፣ «ባንት» የሚባለውን መጋገሪያ በየሱቁ አይታችሁታል። በ1950 ገደማ የሐዳሳ ማኅበር የሚኒያፖሊስ አባላት የሆኑ የአይሁድ ሴቶች፣ በአውሮፓ የሚያውቁትን ኬክ የሚጋግሩበት ዕቃ አጥተው፣ ኖርዲክ ዌር የተባለውን የአካባቢውን ድርጅት ባለቤት እንዲሠራላቸው ጠየቁት። እርሱም በአሉሚኒየም ሠራው። ስሙንም አስመዘገበ። ሴቶቹ ደግሞ እንከን የወጣባቸውን መጋገሪያዎች እየሸጡ ለማኅበራቸው ገንዘብ ያሰባስቡ ነበር። በ1966 በዚህ መጋገሪያ የተጋገረ ኬክ በፒልስበሪ ውድድር ሁለተኛ ሲወጣ ገበያው ደራ፤ እስከ ዛሬ ከ60 ሚሊዮን በላይ መጋገሪያ ተሽጧል። ሰውየው ሴቶቹን አልበደላቸውም፤ የጠየቁትን ሠርቶላቸዋል። ይሁን እንጂ ኬኩን የሚያውቁት እነርሱ ሆነው ሳለ፣ ስሙን በወረቀት የያዘው ሌላ ነበር።

የእኛም አገር ይህን ትምህርት በቡና ተምሯል። ኢትዮጵያ በ2005 ሐረር፣ ሲዳሞና ይርጋ ጨፌ የሚሉትን ስሞች በአሜሪካ የንግድ ምልክት አድርጋ ለማስመዝገብ ማመልከቷን፣ ከብዙ ክርክር በኋላም በ2007 ከስታርባክስ ጋር ስምምነት ላይ መድረሷን ታስታውሳላችሁ። ክርክሩ ስለ ፍሬው አልነበረም። ፍሬውንማ ሲገዙን ኖረዋል። ክርክሩ ስሙ የማን ነው የሚል ነበር። አንድ መንግሥት በዋሽንግተን የተከራከረበትን ጉዳይ እኛ በስኔሊንግ አቬኑ ላይ በፈገግታ ብቻ አሳልፈን መስጠት የለብንም።

አሁን ወደ ሙያዬ ልመለስ። በውጭ አገር የሂሳብ ትምህርት ስንማር ቀድመው ካስተማሩን ነገሮች አንዱ፣ በደረሰኝ ላይ የማይታይ ወጪም ወጪ መሆኑን ነው። የሚከተለው ለምሳሌ ያህል የቀረበ ነው፤ የራሳችሁን ቁጥር አስገቡበት። አሥራ ሁለት ጎብኚዎች እያንዳንዳቸው 75 ዶላር ለአስጎብኚው ከፈሉ እንበል፤ 900 ዶላር ሆነ። ለእናንተ በሰው 5 ዶላር፣ ማለትም 60 ዶላር ሰጣችሁ። ቡናው፣ ስኳሩ፣ ፈንድሻውና አምባሻው በሰው 1 ዶላር ከ50 ሳንቲም ቢፈጅ 18 ዶላር ይሆናል። ረከቦቱን አሰናድታ፣ ቆልታ፣ አፍልታ፣ ቀድታ፣ ዕቃውን አጥባ የምትመልሰው ሠራተኛ አንድ ሰዓት ተኩል ብትፈጅና በሰዓት 18 ዶላር ብትከፍሏት፣ ከአሠሪው የደመወዝ ታክስ ጋር 29 ዶላር ገደማ ይመጣል። ቅዳሜ ከቀትር በኋላ አሥራ ሁለት ወንበር ለግማሽ ሰዓት ተይዞባችሁ፣ እያንዳንዳቸው 4 ዶላር ትርፍ የሚተዉ ስድስት ደንበኞች ቦታ አጥተው ቢመለሱ፣ 24 ዶላር ቀረባችሁ። ድምሩ 71 ዶላር ነው። ስድሳ ተቀብላችሁ ሰባ አንድ አወጣችሁ ማለት ነው።

«ታዲያ ጎብኚው ነገ ደንበኛ ሆኖ ይመለሳል» ትሉ ይሆናል። መልካም፣ ይህም ይቆጠራል። የጎደለውን 11 ዶላር ለመሙላት ብቻ ከአሥራ ሁለቱ ሦስቱ ተመልሰው መምጣት አለባቸው። መምጣታቸውን በምን ታውቃላችሁ? ለዚህ የእኛው ባህል መላ አለው። ቡናችን አቦል፣ ቶናና በረካ ነው፤ ሦስቱንም በወጉ ለመጠጣት ግማሽ ሰዓት አይበቃም። እንግዲያው ለጎብኚው አቦሉን አቅምሱት፤ ሲወጣም «ቶናውና በረካው ይጠብቅሃል» የሚል፣ ቀኑ የተጻፈበት ትንሽ ካርድ ስጡት። ካርዱን ይዞ የመጣውን በደብተር መዝግቡ። በሁለት ወር ውስጥ ጉብኝቱ ማስታወቂያ ይሁን ድጎማ ደብተሩ ይነግራችኋል። ዋጋውን በሰው 9 ዶላር ብታደርጉት ግን 108 ዶላር ይገባል፤ አንድም ሰው ባይመለስ 37 ዶላር ይተርፋል።

አንዳንድ ወገኖቻችን ይህን ሲሰሙ ቅር ይላቸዋል። «ቡና ጎረቤት ተጠርቶ የሚጠጣ ነው፤ እንግዳን በደቂቃ መቁጠር ነውር ነው» ይላሉ። አባባላቸው ክብር አለው፤ እኔም ቤቴ የመጣን ሰው ሰዓት አልቆጥርበትም። ነገር ግን ቤታችሁ የመጣው ሰው የእናንተ እንግዳ ነው፤ 75 ዶላር ከፍሎ የመጣው ግን የአስጎብኚው ደንበኛ ነው። የሱቁ ባለቤት ኪራዩን ሲቀበል ስለ እንግዳ ተቀባይነታችን ቅናሽ አያደርግም። በአገራችንም ቢሆን በሐረር ጀጎል ግንብ ውስጥ እንግዳን ይዞ የሚዞር አስጎብኚ ያስከፍላል፣ ሐላዋ የሚሸጠውም ዋጋውን ይቀበላል። ይህን ነውር ያለ የለም።

ከውሉ በፊት ሕጉን ማወቅ ያስፈልጋል። በመጀመሪያ የሽያጭ ታክስ አለ። የሚኒሶታ ስቴት 6.875 በመቶ ይጥላል፤ የአካባቢና የከተማ ታክስ በላዩ ይጨመራል። ተፈልቶ የሚቀዳ ቡናና በሳህን የሚቀርብ አምባሻ ታክስ አለባቸው። ከረሜላም አለበት። የሚገርመው ግን ዱቄት የገባበት ጣፋጭ በሕጉ ትርጉም ከረሜላ አይባልም፤ ስለዚህ በአንድ መደርደሪያ ላይ ከተቀመጡት ሁለት ጣፋጮች አንዱ ታክስ ሲኖርበት ሌላው ላይኖርበት ይችላል። አስጎብኚው «ታክሱን ለጎብኚው የምሸጠው እኔ እከፍላለሁ» ካለ፣ ኤስቲ 3 የተባለውን ቅጽ ሞልቶ ይስጣችሁ። ካልሰጠ ታክሱን ሰብስባችሁ የምታስገቡት እናንተ ናችሁ። ኦዲተር ሲመጣ በቃል የተባለው አይጠቅምም።

ሁለተኛው የኢሚግሬሽን ጉዳይ ነው፤ ከገንዘቡም የሚከብደው ይኸው ነው። እናታችን በጉብኝት ቪዛ መጥተው፣ ቡና ማፍላቱን እንደ እርሳቸው የሚያውቀው ስለሌለ፣ «እስቲ ለእነዚህ ሰዎች ያፍሉላቸው» ማለት ቀላል ይመስላል። ገንዘብ የሚያስገባ ሥራ ላይ ነጠላ ለብሰው ተቀምጠው፣ ፎቶግራፋቸው በአስጎብኚው ማስታወቂያ ላይ ሲወጣ ግን፣ «እየረዱኝ ነው እንጂ ደመወዝ የላቸውም» የሚለው መልስ ላያድን ይችላል። ያለ ፈቃድ ሠርተዋል ከተባለ የሚጎዱት እርሳቸው ናቸው፤ የወደፊት ቪዛቸውም ሆነ ግሪን ካርዳቸው ችግር ላይ ሊወድቅ ይችላል። ለአሥራ ሁለት ስኒ ቡና እናትን ለአደጋ ማጋለጥ አይገባም። ለምትቀጥሩት ሰው ሁሉ፣ የእህት ልጅም ቢሆን ዜጋም ቢሆን፣ አይ-9 የተባለውን ቅጽ ሥራ በጀመረ በሦስት የሥራ ቀን ውስጥ ሙሉ። ከተፈቀዱት ወረቀቶች የትኛውን እንደሚያቀርብ የሚመርጠው ግን ሠራተኛው ነው፤ «ግሪን ካርድህን ካላመጣህ» ማለት አትችሉም።

ሦስተኛ፣ ጎረቤት ቤቷ የጋገረችውን አምባሻ ገዝታችሁ በሱቃችሁ አትሽጡ። ከ2015 ጀምሮ በሥራ ላይ ያለው የሚኒሶታ ሕግ በቤት የተጋገረን ዳቦና ኬክ፣ ጋጋሪዋ ከተመዘገበች፣ ራሷ ለሚበላው ሰው በቀጥታ እንድትሸጥ ይፈቅዳል። ሱቅ ገዝቶ መልሶ እንዲሸጠው ግን አይደለም።

ለባለታክሲዎች ደግሞ የምለው አለኝ። በጃንዋሪ በዚህ ከተማ በእግር የሚጎበኝ የለም፤ ከሱቅ ሱቅ የሚያደርስ መኪና ያስፈልጋል። ከኤርፖርት ወረፋ ይልቅ አራት ሰዓት በተዋዋሉበት ዋጋ መሥራት የሚሻልበት ቀን ይኖራል። መንገዱንም ምግቡንም ታሪኩንም ከእናንተ የተሻለ የሚያውቅ የለም። ይሁን እንጂ ለግል መኪና የተገዛ ኢንሹራንስ በክፍያ ለሚጫን መንገደኛ ብዙውን ጊዜ አይሠራም፤ አስቀድማችሁ ከኢንሹራንሱ በጽሑፍ መልስ ተቀበሉ።

በመጨረሻ ዋናው ሐሳቤ ይህ ነው። ሌላ ሰው መጥቶ እስኪያስጎበኘን ለምን እንጠብቃለን? በሴንት ፖል በስኔሊንግ ዙሪያ «ትንሿ አፍሪካ» የሚባለው ሰፈር አለን። ከ2014 ጀምሮ የግሪን ላይን ባቡር ስኔሊንግና ዩኒቨርሲቲ መገናኛ ላይ ሰው ያወርዳል። በሚኒያፖሊስም ከ2006 ጀምሮ በቀድሞው የሲርስ ሕንፃ የተከፈተው ሚድታውን ግሎባል ማርኬት አለ። በሜይ 2020 በዩኒቨርሲቲና በሌክ ስትሪት ሱቆች ሲቃጠሉ የቀረብን ሕንፃ ብቻ አልነበረም፤ በእግሩ የሚያልፍ ገበያተኛም ቀርቶብናል። ያን እግረኛ የሚመልስ ሥራ የጋራ ሥራ ነው። አራት ባለሱቆችና አንድ ባለታክሲ ተስማምተው፣ እንግሊዝኛው የሰላ፣ የሥራ ፈቃድ ያለው አንድ ወጣት አስጎብኚ ቀጥረው፣ ገቢውን በወር አንድ ጊዜ በጽሑፍ ቢከፋፈሉ፣ ከላይ ካየነው 900 ዶላር ውስጥ አብዛኛው እዚሁ ሰፈር ይቀራል። በዕቁብ የተማመንን ሰዎች በዚህ መተማመን አያቅተንም። ልዩነቱ ዕቁብ በቃል መያዙ ነው፤ ይህ ግን በፊርማ ይሁን።

የጉብኝቱ ወራት ሳይገባ ውላችሁን አዘጋጁ። በሰው ስንት እንደሚከፈል፣ ቢያንስና ቢበዛ ስንት ሰው እንደሚመጣ፣ ስንት ደቂቃ እንደሚቆይ፣ ጉብኝቱ ከተሰረዘ ማን ኪሳራውን እንደሚችል፣ ታክሱን ማን እንደሚያስገባ፣ ስማችሁና ፎቶግራፋችሁ የት የት እንደሚወጣ፤ ስድስት መስመር ናት። ይህ ጽሑፍ አጠቃላይ ምክር ስለሆነ የየራሳችሁን ጉዳይ ለየባለሙያው አሳዩ። እስክንገናኝ ቸር ሰንብቱ።