ከቤቱ በፊት መቀመጫው ይታሰብ



ዛሬ የምንጽፈው ስለ መቀመጫ ነው። የሳሎን ወንበር ማለታችን አይደለም። በጢስ ቤትና በእንፋሎት ክፍል ውስጥ ባዶ ገላችንን የምናሳርፍበት ነገር ከምን ይሠራ፣ እንዴት ይሠራ የሚለውን ነው። «ለዚህም ጽሑፍ ያስፈልጋል እንዴ?» የሚል አይጠፋም። አምና እኛም እንደዚሁ ብለን ነበር። ቸል ያልነው ነገር ግን ሰው አቃጠለብን፤ ስለዚህ ጥፋታችንን ሳንደብቅ እንጽፋለን።

ከደጋ የሚመጡ እንግዶች «ሸዋ ሮቢት ተቀምጣችሁ ደግሞ ምን ሙቀት አማራችሁ?» እያሉ ይስቁብናል። አይፈረድባቸውም። ጣርማ በርን አልፎ፣ ደብረ ሲናን ለቆ ወደ እኛ የሚወርድ ሰው ጋቢውን የሚያወልቀው ገና መኪና ውስጥ ሳለ ነው። ይሁንና የፀሐይ ሙቀት ሌላ፣ የጢስ ሙቀት ሌላ ነው። በይፋትም ሆነ በወሎ፣ በክርስቲያኑም በሙስሊሙም ቤት፣ ወይባ መሞቅ የእናቶቻችን ወግ ነው። ሙሽራ ትሞቃለች፤ አራስ ትሞቃለች፤ ወገቧን የሚቆረጥማት እናት ትሞቃለች።

አሠራሩን ለማያውቅ ወጣት ባጭሩ እንንገረው። መሬት ላይ ትንሽ ጉድጓድ ይማሳል፤ ፍም ይደረግበታል፤ በፍሙ ላይ የወይባ እንጨት ይጨመራል። ሴቲቱ ከጉድጓዱ በላይ ትቀመጥና ከአንገቷ በታች በጋቢ ወይም በብርድ ልብስ ትሸፈናለች። ራሷ ውጭ ይሆናል። ወደ ሱዳን ብንሻገርም ሴቶቹ ይህንኑ ነገር «ዱኻን» ብለው ይሞቁታል። እነሱም ጉድጓድ ይምሳሉ፤ መካከሉ ክፍት የሆነ ሰሌን ያነጥፋሉ ወይም በዝቅተኛ መቀመጫ ይቀመጣሉ። እንግዲህ ወጉ የብዙ ሕዝብ ነው።

ከቅርብ ጊዜ ወዲህ ደግሞ አንዳንድ አባሎቻችን በየግቢያቸው «ስቲም» የሚሉትን የእንፋሎት ክፍል ማሠራት ጀምረዋል። ይህም ቢሆን ነውር የለበትም። አዲስ አበባ ራሷ በ1879 ዓ.ም. የተቆረቆረችው ፍል ውሃ አጠገብ አይደለም እንዴ? ሞቅ ባለ ውሃና በእንፋሎት ሰውነትን ማፍታታት ለአገራችን እንግዳ ነገር አይደለም። የእኛ ጭንቀት ሌላ ነው። ሰው ሁሉ ስለ ግድግዳው፣ ስለ ጣሪያው፣ ስለ በሩ ይጨነቅና መቀመጫውን መጨረሻ ላይ በተረፈው ዕቃ ይሠራዋል። ገላ የሚነካው ግን ግድግዳውን አይደለም።

አሁን ወደ ራሳችን ጉድ እንምጣ። አምና የማሾው ሽያጭ ደህና ሆኖ መዋጮው ሲሰበሰብ፣ ከአዳራሻችን ጀርባ ለእናቶች የጋራ ጢስ ቤት ተሠራ። ሁሉ ሰው ጓሮ የለውም፤ በኪራይ ቤት የምትወልድ እህታችንን አከራይዋ ጉድጓድ አያስምሳትም። ሐሳቡ ደግ ነበር። መቀመጫው ላይ ስንደርስ ግን ኮሚቴው ተሰብስቦ ባንድ ቀን ወሰነ። ኮሚቴው ማለት እኛ ነን፤ አምስታችንም ወንዶች ነን። «እንጨት ምስጥ ይበላዋል፤ ብረት ይሁንና ይገላግለን» አልን። ከቱቦላሬ ተበየደ፤ ላዩ በላሜራ ተሸፈነ፤ መካከሉ በክብ ተቀደደ፤ አረንጓዴ ቀለም ተቀባ። ሲያዩት ያምር ነበር። ፎቶግራፍም ተነሣንበት።

በሁለተኛው ሳምንት አንዲት አራስ አርባ ቀኗን ጨርሳ ልትሞቅ ገባች። ጭኗ ሥር ተቃጠለ። ቀለሙም በሙቀቱ ለስልሶ ቁስሉ ላይ ተጣበቀ። ልጅቱ አፍራ ለማንም ሳትናገር ስድስት ቀን ቆየች። ሕፃኑን ለማጥባት መቀመጥ ሲያቅታት ነው እናቷ ያወቁት። ጤና ጣቢያ ሄዳ ታከመች፤ ዛሬ ደኅና ናት። ከዚያ በኋላ አንዲት ትልቅ እናት ወደ ጢስ ቤቱ ገብተው ብረቱን በምርኩዛቸው መታ መታ አደረጉና፣ «ልጆቼ፣ ይሄ እኮ ምጣድ ነው። ልትቆሉን ነው እንዴ የሠራችሁት?» አሉን። መልስ አልነበረንም።

ጥፋቱ የበያጁ አይደለም፤ እሱ የታዘዘውን ሠራ። ጥፋቱ የእኛ ነው። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል ይባላል። እኛ ደግሞ የሮጥነው ተቀማጮቹን ትተን ነው። ከእናቶቻችን አንዷን እንኳ ጠርተን «ምን ላይ ብትቀመጡ ይሻላችኋል?» አላልንም።

ብረት ለምን አቃጠለ? ምሥጢሩ ረቂቅ አይደለም። ብረት ከእንጨት በመቶዎች እጥፍ ሙቀት ያሳልፋል። ሁለቱ እኩል ቢሞቁ እንኳ እንጨቱ ሙቀቱን ለገላ ቀስ እያለ ሲሰጥ፣ ብረቱ ባንድ ጊዜ ይለቀዋል። የማንቆርቆሪያውን የብረት ጆሮ በጨርቅ፣ የእንጨት ማማሰያውን ግን በባዶ እጅ የምንይዘው ለዚሁ ነው። 60 ዲግሪ የደረሰ ብረት ባዶ ገላን በጥቂት ሰከንድ ሊያቃጥል ይችላል።

ለዚህ ጥሩ ምስክር የሚሆኑን የፊንላንድ ሰዎች ናቸው። እነሱ «ሳውና» የሚሉትን የሙቀት ቤት የሌለው ሰፈር የላቸውም፤ ዩኔስኮም ይህን ባህላቸውን በ2013 ዓ.ም. በሰው ልጅ የማይዳሰስ ቅርስነት መዝግቦላቸዋል። ቤቱ ከ70 እስከ 100 ዲግሪ ይሞቃል። ይህን ሁሉ ሙቀት ችለው የሚቀመጡት በምን ላይ ነው? በእንጨት አግዳሚ ላይ። ያውም ቀላል፣ ሙጫ የሌለው፣ ቀለም ያልነካው እንጨት መርጠው፣ በላዩም ትንሽ ጨርቅ አንጥፈው ነው።

ስለዚህ ቤታቸው ጢስ ቤት ላላቸውም ሆነ ሊሠሩ ላሰቡ አባሎቻችን የሚከተለውን እናሳስባለን።

1ኛ/ እንጨቱን በሚመለከት፤ ቀለል ያለና በደንብ የደረቀ ይሁን። አያቶቻችን በርጩማና ዱካ የፈለፈሉበት ዋንዛ እጅግ ተስማሚ ነው፤ ሲሞቅ አያቃጥልም፤ ቶሎም አይሰነጠቅም። ነገር ግን ዋንዛ በሕግ ጥበቃ ከተደረገላቸው አገር በቀል ዛፎች አንዱ ስለሆነ ለበርጩማ ብለን ዛፍ አንጣል። አሮጌ በር፣ የተሰበረ አልጋ፣ ያረጀ ሳጥን ካለ ከእሱ ይውጣ። ባሕር ዛፍ የሚጠቀም ሰው ጥላ ሥር ወራት አቆይቶ ያድርቀው፤ እርጥቡ ሙቀት ሲያገኝ ይጣመማል፣ ይሰነጠቃል፣ ገላም ይቆነጥጣል። ሙጫ ያለው እንጨት ሲሞቅ ሙጫው ስለሚወጣ አይሆንም። ቺፑድና ኮምፔንሳቶም በማጣበቂያ የተሠሩ ናቸውና ለዚህ ቦታ አልተፈጠሩም።

2ኛ/ የፕላስቲክ ወንበር ፈጽሞ አይግባ። ሙቀት ሲያገኘው እግሩ ይለሰልሳል፤ ከፍም በላይ ተቀምጦ የወንበር እግር ሲታጠፍ ምን እንደሚመጣ መንገር አያሻም።

3ኛ/ ቀለምም ቫርኒሽም አይቀባ። ሚስማር ከተመታ አናቱ ወደ ውስጥ ይስመጥ፤ ቢቻል ከሥር ወደ ላይ ይመታ። አንዲት የሚስማር አናት በጋለች ጊዜ እንደ መተኮሻ ናት።

4ኛ/ ከፍታው ከ40 እስከ 45 ሴንቲ ሜትር ቢሆን መልካም ነው። «ድሮ እናቶቻችን መሬት ሰሌን አንጥፈው አልነበር ወይ የሚሞቁት?» የሚሉን አሉ። ነበር። ግን ላብ ያጠባት አራስ ከዝቅታ ብድግ ስትል ዓይኗ ይጨልምባታል፤ ወዴት እንደምትወድቅ እናውቃለን። ስለዚህ ከፍ ያለ መቀመጫ፣ ከጎኑም በእጅ የሚያዝ የእንጨት መደገፊያ ይኑረው። እግሮቹ ሰፋ ብለው ይቁሙ፤ ከጉድጓዱ አፍ ይራቁ። የመቀመጫው ቀዳዳ ከአንድ ስንዝር አይብለጥ። ፍሙ ከመሬት ወለል በታች ይሁን እንጂ ወደ ላይ አይከመር።

የእንፋሎት ክፍል ለሚያሠሩ ደግሞ ነገሩ ትንሽ ይለያል። እዚያ ጠላት የሚሆነው እርጥበት ነው። ቀን ከሌት የሚረጥብ እንጨት ይሻግታል፣ ይበሰብሳል። ስለዚህ መደቡ በድንጋይ ወይም በብሎኬት ተሠርቶ በሊሾ ወይም በሴራሚክ ይሸፈን። ላዩ ድልድል ሆኖ አይቅር፤ ውሃው እንዳይቋጥር ወደ ፊት ጥቂት ያዘንብል። በላዩ የሚነሣ የእንጨት ርብራብ ይደረግ፤ በጣውላዎቹ መካከል የጣት ያህል ክፍተት ይተው፤ ከሞቁ በኋላ ርብራቡ ወጥቶ ፀሐይ ይሰጣ። ፀሐይ እንደሆነ እዚህ አልቸገረንም። እንፋሎቱ የሚወጣበት አፍ ከተቀማጭ እግር ይራቅ።

እንደ ፊንላንዶቹ ባለ ሁለት ደረጃ አግዳሚ የሚያሠራ ሰው፣ ሙቀት ወደ ላይ እንደሚወጣ አይርሳ። ታችኛው 45፣ ላይኛው 90 ሴንቲ ሜትር ያህል ቢሆን፣ ከላይኛው እስከ ጣሪያው ደግሞ 1 ሜትር ከ10 ያህል ቢቀር ቁጭ ያለ ሰው ራሱን አይመታም። ሽማግሌና ጀማሪ ከታች ይቀመጥ። ላይኛው ለጉልበተኛው ነው።

ስለ መቀመጫ ስናነሣ የት ይቀመጥ የሚለውም መነሣት አለበት። መቀመጫው ከበሩ አጠገብ ይሁን፤ በሩ ወደ ውጭ የሚከፈት፣ ከውስጥ የማይቆለፍ ይሁን። የከሰል ፍም በተዘጋ ቤት ውስጥ ሽታ የሌለው መርዝ ያወጣል። የማይሸት ስለሆነ ሰው እንቅልፍ የመጣበት እየመሰለው ይሞታል። ስለዚህ ጢስ ቤት ከላይም ከታችም መተንፈሻ ይኑረው። ራስ ከብርድ ልብሱ ውጭ ይሁን። ማንም ብቻውን አይሙቅ፤ ከደጅ የምታነጋግር ሰው ትኑር። እርጉዝ፣ የደም ግፊት ያለበት፣ በቀዶ ጥገና ወልዳ ቁስሏ ያልደረቀ፣ ጤና ጣቢያ ሳይጠይቁ አይግቡ።

አሁን ደግሞ «ምስጡስ?» ትሉን ይሆናል። እውነት ነው፤ የቆላ ምስጥ ቀልድ አያውቅም። ነገር ግን የሚነሣ መቀመጫ እንጂ መሬት የተቀበረ አግዳሚ አንሠራም። እግሮቹ በጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ ይቆማሉ፤ በየሳምንቱ ይገለበጣሉ፣ ይታያሉ። ምስጥ በልቶትም ቢሆን እንጨት ይተካል። የተቃጠለ ገላ ግን ጠባሳውን ይዞ ይኖራል። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም።

በመሆኑም ለመጪው ጠቅላላ ስብሰባ ሦስት ሐሳቦች ይዘን እንቀርባለን። አንደኛ፣ የብረቱ መቀመጫ ከጢስ ቤቱ ወጥቷል፤ ተመልሶ እንዳይገባ ይወሰን። ብረቱ ግን አይጣል። ላሜራው ተነሥቶለት፣ ጣውላ ተመትቶበት ለልቅሶ ቤት አግዳሚ ይሁን። ሁለተኛ፣ በምትኩ ሁለት የእንጨት መቀመጫዎች ይሠሩ፤ አንዱ ለአራሶች ባለ መደገፊያ ይሁን። ሦስተኛና ዋናው፣ የጢስ ቤቱን ጉዳይ የሚመሩ ሦስት እናቶች ኮሚቴው ውስጥ ይግቡ። ለምክር ብቻ አይደለም፤ ድምፅ ይኑራቸው። አናጢው ሥራውን ሲያስረክብ ተቀብለው የሚፈርሙት እነሱ ይሁኑ። እኛ ወንዶቹ መዋጮውን እንሰብስብ፣ ድንጋዩን እንሸከም፤ መቀመጫውን ግን የሚቀመጡበት ይምረጡት።

ያችን እህታችንን በማኅበሩ ስም ሄደን ይቅርታ ጠይቀናታል። እሷም ይቅር ብላናለች። «በሚቀጥለው ግን አስቀድማችሁ እናንተ ተቀመጡበት» አለችን። እኛም እሺ ብለናል። አዲሱ መቀመጫ በተሠራ ቀን፣ ማንም እናት ሳትገባ በፊት፣ ፍሙ ተነድዶ የኮሚቴው ሊቀ መንበርና ጸሐፊው ተራ በተራ ይቀመጡበታል። በጋቢ ተሸፍነን ነው እንግዲህ፤ ለመሳቅ የምትመጡ ከደጅ ሆናችሁ ጠብቁ።

የተለየ አስተያየት ያላችሁ በቃልም በጽሑፍም ለጽሕፈት ቤቱ ብታደርሱን በደስታ እንቀበላለን።

የማኅበሩ ጽሕፈት ቤት
ሸዋ ሮቢት