ወባ ሲበዛ የሚወርደው ፕላትሌት፦ በደሴና በኮምቦልቻ ሊያውቁት የሚገባ

የዓለም ጤና ድርጅት እንዳስታወቀው፣ እ.ኤ.አ. በ2024 ከጥር እስከ ጥቅምት ብቻ በኢትዮጵያ ከ7.3 ሚሊዮን በላይ የወባ ሕመም ተመዝግቧል። ኮምቦልቻ ከደሴ ዝቅ ብላ የምትገኝ ሞቃት ከተማ በመሆኗ ለወባ ትንኝ ይበልጥ ትመቻለች፤ ከደሴ የሚመላለስ ሰውም ሊያዝ ይችላል።

ወባ የፕላትሌትን (ደም እንዲረጋ የሚያደርጉ ሕዋሳት) ቁጥር ያወርዳል። ጤናማው መጠን በአንድ ማይክሮ ሊትር ደም ከ150,000 እስከ 450,000 ነው። መድማት ሳይኖር ውጤትዎ 80,000 ቢሆን አይደንግጡ፤ የወባ መድኃኒቱን በአግባቡ ሲጨርሱ አብዛኛውን ጊዜ በቀናት ውስጥ ይመለሳል። ፕላትሌት በደም ሥር የሚሰጠው በአብዛኛው ቁጥሩ እጅግ ሲወርድ ወይም መድማት ሲኖር ነው።

ከዳኑ በኋላም ቁጥሩ ካልተመለሰ ሌላ መንስኤ ይፈለጋል፦ የጉበት ሕመም፣ ኤችአይቪ፣ የቫይታሚን ቢ12 እጥረት፣ አንዳንድ መድኃኒቶች፣ ወይም ሰውነት የራሱን ፕላትሌት የሚያጠቃበት ሕመም። ለመጨረሻው ሐኪም ፕሬድኒሶሎን ሊያዝልዎ ይችላል።

ፕላትሌትዎ ዝቅ ካለ ለትኩሳት አስፕሪን፣ አይቡፕሮፌን ወይም ዲክሎፌናክ አይውሰዱ፤ ፓራሲታሞል ይሻላል። አፍንጫ ወይም ድድ ከደማ፣ ቆዳ ላይ ቀያይ ነጠብጣብ ከወጣ፣ ሰገራ ከጠቆረ ወይም ከባድ ራስ ምታት ከተሰማዎት ሳይዘገዩ ወደ ሆስፒታል ይሂዱ።