የማኅበር ክብር በወደቀ ጊዜ ይመዘናል

ሰዎች ስለ አንድ በጎ ሥራ ተሰብስበው ማኅበር ባቆሙ ጊዜ፤ ማኅበሩ ምን ያህል እንደ ጸና የሚታወቀው በድል ቀን አይደለም። በድል ቀን ወዳጅ ይበዛል፤ ጭብጨባውም ከሩቅ ይሰማል። የጽናቱ ሚዛን የሚቀመጠው ኃይሉ በደከመበት፤ ገንዘቡ ባነሰበት፤ ከአባሎቹም አንዱ በተጎዳበት ቀን ነው። የወደቀ ዛፍ ምሳር ይበዛበታል የሚለው የአባቶች ተረት በዚያን ቀን ይፈተናል፤ ምሳር የሚያነሣው ማን እንደ ሆነ፤ ድጋፍ የሚያቆመውም ማን እንደ ሆነ ያን ጊዜ ይለያል። ለዚህ ነገር ምስክር የሚሆን፤ በጀርመን አገር ጉመርስባኽ በምትባል አነስተኛ ከተማ የሚኖር አንድ የእጅ ኳስ ማኅበር አለ። ታሪኩ ስለ ጨዋታ ብቻ ሳይሆን ስለ ማኅበር አኗኗር በጠቅላላው ትምህርት የሚሰጥ ስለ ሆነ፤ አስተዋይ ሰው ሊመረምረው የሚገባ ነው። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዘመኖችም በኤውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

የእጅ ኳስ ጨዋታ የተወለደው በዚያው በጀርመን አገር ነው። በ1917 ዓ.ም. ማክስ ሃይዘር የተባለ ሰው በበርሊን ከተማ ለሴቶች ጨዋታ እንዲሆን ብሎ ደንቡን ጻፈ፤ ከሁለት ዓመት በኋላም ካርል ሼለንዝ ያንኑ ደንብ አሻሽሎ ለወንዶችም የሚስማማ ብርቱ ጨዋታ አደረገው። በመጀመሪያው ዘመን በሰፊ ሜዳ ላይ በየወገኑ 11 ሰው እየሆነ ይጫወቱት ነበር፤ በ1936 ዓ.ም. በበርሊን በተደረገው የኦሊምፒክ ጨዋታ የታየውም ይኸው ነው። በኋላ ግን ርዝመቱ 40 ወርዱም 20 ሜትር በሆነ አዳራሽ ውስጥ በየወገኑ 7 ሰው የሚጫወተው ዓይነት ጸንቶ ቀረ፤ በ1972 ዓ.ም. በሙኒክ ከተማም ወደ ኦሊምፒክ ጨዋታ ገባ። በአዳራሽ የሚደረገው ጨዋታ ብዙ ሰው አይጠይቅም፤ አንድ ደኅና አዳራሽና አንድ ልብ የሆኑ ጥቂት ጎበዞች ይበቁታል። ስለዚህም ትንሽ ከተማ ከትልቅ ከተማ ጋር ትከሻ ለትከሻ ሆና ልትቆምበት የምትችል ጨዋታ ነው።

ጉመርስባኽ ከኮሎኝ በስተምሥራቅ 50 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ በኮረብቶች መካከል የተቀመጠች፤ የሕዝቧም ቁጥር 50,000 ያህል የሆነ የሠራተኞች ከተማ ናት። ከ1874 ዓ.ም. ጀምሮ ስሟን ያስጠራው የእንፋሎት ቦይለር የሚሠራው የሽታይንሙለር ፋብሪካ ነበር። ማኅበሩ ግን ከፋብሪካው ይቀድማል፤ የከተማው ሰዎች ሰውነትን በእንቅስቃሴ ለማጠንከር ብለው በ1861 ዓ.ም. አቆሙት። ዛሬ የሚጠራበት ፋው ኤፍ ኤል የሚለው አሕጽሮትም የአካል እንቅስቃሴ ማኅበር ማለት ነው። እንግዲህ የእጅ ኳስ ደንብ ከመጻፉ 56 ዓመት አስቀድሞ ማኅበሩ ነበረ። ይህም ሊታሰብ የሚገባው ነገር ነው፤ ጨዋታው ለማኅበሩ እንደ ቅርንጫፍ ሆኖ በቀለ እንጂ ማኅበሩ ለጨዋታው ሲባል የተፈጠረ አልነበረም።

በ1966 ዓ.ም. ጉመርስባኽ ለመጀመሪያ ጊዜ የጀርመን ሻምፒዮን ሆነ። በዚያው ዓመት ቡንደስሊጋ የተባለው የበላይ ውድድር ሲቋቋም ከመሥራቾቹ አንዱ ሆኖ ገባ፤ የመጀመሪያውንም ዓመት ውድድር አሸነፈ። በ1967 ዓ.ም. በሚያዝያ ወር በዶርትሙንድ ከተማ የፕራግን ዱክላ 17 ለ13 ረትቶ የኤውሮፓን ዋንጫ ወሰደ። ከዚህ በኋላ በ1970፤ በ1971፤ በ1974ና በ1983 ዓ.ም. ያንኑ ዋንጫ ደጋግሞ አነሣ፤ እስከ 1991 ዓ.ም. ድረስም በአገሩ 12 ጊዜ ሻምፒዮን ሆነ። በካርታ ላይ ፈልገው በብዙ ድካም የሚያገኟት ከተማ ከሞስኮ፤ ከቡካሬስትና ከፕራግ ከሚመጡት የታላላቅ ከተሞች ቡድኖች ጋር ተወዳድራ ማሸነፏ የሚያስደንቅ ነው።

ይህ ድል የተገኘው ግን የአገሩን ልጅ ብቻ በመያዝ አልነበረም። ሃንሲ ሽሚት የተባለው ብርቱ ተጫዋች በሩማኒያ በባናት አውራጃ በ1942 ዓ.ም. የተወለደ የጀርመን ዘር ነበር። በ1963 ዓ.ም. ከሩማኒያ ቡድን ጋር ወደ ምዕራብ ጀርመን በመጣ ጊዜ ወደ ኋላ ሳይመለስ ቀረ፤ ጉመርስባኽም ተቀበለችው። አገሩን፤ ዘመዶቹንና የለመደውን ኑሮ ትቶ ለመጣው ሰው ማኅበሩ የሥራ ቦታ ብቻ ሳይሆን ቤት ሆነለት። እርሱም ውለታውን በጎሎቹ ብዛት ከፈለ። በ1971 ዓ.ም. የኤውሮፓ ዋንጫ የመጨረሻ ግጥሚያ ጉመርስባኽ ያሸነፈው የቡካሬስትን ስቴዋን 17 ለ16 ነበርና፤ በዚያን ቀን የሽሚት ልብ ምን እንዳሰበ ለመገመት አያስቸግርም። እንግዳን የሚቀበል ማኅበር ኃይሉን ያበዛል እንጂ አይጎድልበትም።

ነገር ግን ስለዚህ ማኅበር ከዋንጫዎቹ ሁሉ ይልቅ ሊነገር የሚገባው የዮአኺም ዴካርም ታሪክ ነው። ይህ ጎልማሳ በ1954 ዓ.ም. በዛርብሩከን ተወልዶ በ1973 ዓ.ም. ወደ ጉመርስባኽ መጣ። በ1978 ዓ.ም. የምዕራብ ጀርመን ቡድን በኮፐንሃገን ሶቪየት ኅብረትን 20 ለ19 አሸንፎ የዓለም ሻምፒዮን በሆነ ጊዜ ከሁሉ ጎልተው ከታዩት አንዱ እርሱ ነበር፤ በዚያ ዘመንም በዓለም ካሉት የእጅ ኳስ ተጫዋቾች አንደኛው ነው እየተባለ ይመሰገን ነበር። መጋቢት 30 ቀን 1979 ዓ.ም. ማኅበሩ በሁንጋሪያ አገር በታታባንያ ከተማ ሲጫወት ዴካርም ኳስ ይዞ ሲሮጥ ከአንድ ተጋጣሚ ጋር ተላተመና፤ ራሱን ስቶ በግንባሩ ወደ ወለሉ ወደቀ። ወለሉም ስስ ምንጣፍ ብቻ የለበሰ ሲሚንቶ ነበር። 25 ዓመት የሆነው ጎልማሳ 131 ቀን ሙሉ ራሱን ሳያውቅ ተኛ። በነቃም ጊዜ መናገርንም መራመድንም እንደ ሕፃን ከመጀመሪያው ሊማር ግድ ሆነ።

ማኅበሩ በዚያ ዓመት የውድድሩን ዋንጫ ወሰደ፤ ነገር ግን ያ ዋንጫ በምን ዋጋ እንደ ተገዛ የማያውቅ ሰው በከተማው አልነበረም። የሚደነቀውም ከዚህ በኋላ የሆነው ነው። በልጅነቱ ያሠለጠነው ቨርነር ሁርተር የታመመውን ሰው ዳግመኛ ተቀብሎ፤ ዓመት በዓመት ላይ እየጨመረ እንደ አዲስ ደቀ መዝሙር አለማመደው። ለመርጃውም በጀርመን የስፖርት ዕርዳታ ድርጅት ዘንድ በስሙ የሚጠራ የገንዘብ ሣጥን ተቋቋመ። የቡድን ጓደኞቹም አልተዉትም፤ በ2018 ዓ.ም. ማለት ከአደጋው 39 ዓመት በኋላ፤ በእርጅናው ዘመን በድሮ ጓደኞቹ አጠገብ ይኖር ዘንድ ወደ ጉመርስባኽ ተመለሰ። አንድ ማኅበር አባሉን ጎል በሚያገባበት ጊዜ ቢያከብረው የሚያስመሰግነው አይደለም፤ ይህማ ንግድ ነው። አንዲት ጎል እንኳ ሊያገባ በማይችልበት በአርባኛው ዓመት ሲያስታውሰው ግን ማኅበር የሚለው ስም በእውነት ይገባዋል።

ከዴካርም ጓደኞች አንዱ የሆነው ሃይነር ብራንድ በዚያችው ከተማ በ1952 ዓ.ም. የተወለደ ነው። ሌላ ማኅበር ሳይመርጥ በተወለደበት ስፍራ ተጫውቶ በ1978 ዓ.ም. የዓለም ሻምፒዮን ሆነ፤ በ2007 ዓ.ም. ደግሞ አሠልጣኝ ሆኖ የጀርመንን ቡድን በመምራት በኮሎኝ ከተማ ፖላንድን 29 ለ24 በማሸነፍ ሁለተኛ ጊዜ ይህን ክብር አገኘ። ትንሽ ከተማ ለታላቅ አገር መሪ ልትሰጥ እንደምትችል ይህ ሰው ማስረጃ ነው።

ክብር ግን በአንድ ቤት ለዘለዓለም አይቀመጥም። ከ1991 ዓ.ም. ወዲህ ጉመርስባኽ የጀርመን ሻምፒዮን ሆኖ አያውቅም። ጨዋታው ደመወዝ የሚከፈልበት ሥራ እየሆነ በሄደ መጠን ብዙ ተመልካችና ባለጠጋ ደጋፊ ያላቸው ከተሞች በረቱ፤ በዋንጫ ብዛትም የኪል ማኅበር አልፎት ሄደ። ጉመርስባኽም ከገንዘብ ችግር ጋር ይታገል ጀመር። ከ2001 ዓ.ም. አንሥቶም ታላላቆቹን ግጥሚያዎች ወደ ኮሎኝ ታላቅ አዳራሽ ወስዶ በብዙ ሺህ በሚቆጠር ሕዝብ ፊት ማድረግ ጀመረ። ከ2009 እስከ 2011 ዓ.ም. ባሉት ሦስት ዓመታት በየዓመቱ አንድ የኤውሮፓ ዋንጫ አገኘ፤ ነገር ግን ይህ እንደ ማታ ፀሐይ ብርሃን ሆኖ አለፈ። በመጨረሻም በ2019 ዓ.ም. በሰኔ ወር፤ ቡንደስሊጋ ከተቋቋመ ጀምሮ አንድ ዓመት እንኳ ያልተለየው ማኅበር ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ ሁለተኛው ደረጃ ወረደ።

በዚህ ጊዜ አንዳንድ ሰዎች የትናንሽ ከተሞች ዘመን አለፈ፤ በዛሬው ዓለም የሚፈርደው ገንዘብ ብቻ ነው ሊሉ ይችላሉ። ይህ አነጋገር በከፊል እውነት መሆኑን መካድ አይገባም። ያለ ገንዘብ ደመወዝ አይከፈልም፤ አዳራሽም አይሠራም፤ ከዐቅሙ በላይ የሚያወጣ ማኅበርም በመጨረሻ ዕዳው ያንቀዋል። ነገር ግን አነጋገሩ ግማሽ እውነት ስለ ሆነ አሳሳች ነው። ኮሎኝ ሰፊ አዳራሽ ልትሰጥ ቻለች፤ ሥር ግን ልትሰጥ አልቻለችም። ሥር የሚገኘው ልጆች ከአባቶቻቸው ጋር ሆነው በሚያዩበት፤ የሚጫወተው ሰውና የሚመለከተው ሰው በገበያ በሚተዋወቁበት ስፍራ ነው።

ማኅበሩም ይህን የተረዳ ይመስላል። ፋብሪካው ከተዘጋ በኋላ በቀረው በሽታይንሙለር መሬት ላይ ከ4,000 በላይ ሰው የሚይዝ አዲስ አዳራሽ በ2013 ዓ.ም. ተከፍቶ ነበር፤ አባቶች ብረት በቀጠቀጡበት ስፍራ ልጆቻቸው የሚሰበሰቡበት ቤት ሆነ። ማኅበሩ በወረደ ጊዜ ይህ ቤት ቆየው። በ2020 ዓ.ም. ከ2005 እስከ 2008 ዓ.ም. በዚያው ቡድን የተጫወተው አይስላንዳዊው ጉድዮን ቫሉር ሲጉርድሶን አሠልጣኝ ሆኖ ተመለሰ። በ2022 ዓ.ም. ጉመርስባኽ የሁለተኛውን ደረጃ ውድድር አሸንፎ ወደ ቦታው ወጣ፤ በ2024 ዓ.ም. ደግሞ 6ኛ ሆኖ ፈጽሞ ወደ ኤውሮፓ ውድድር ለመግባት በቃ። መንገዱ የተጠረገው የድሮውን ስም በመጥራት ብቻ አይደለም፤ ሦስት ዓመት በታችኛው ደረጃ በትዕግሥት በመሥራት ነው።

እንግዲህ ከዚህ ታሪክ ማኅበርን የሚያቆሙና የሚመሩ ሰዎች ሁሉ ሦስት ነገር ሊማሩ ይገባል። መጀመሪያው፤ ከዐቅም በላይ የሆነ ክብር ተበድሮ የለበሱት ልብስ ስለ ሆነ ባለቤቱ ሲመጣ ይወሰዳል። ሁለተኛው፤ ሰው ዕቃ ስላልሆነ በሥራው ላይ የተጎዳውን መርሳት የማኅበሩን ነፍስ መግደል ነው፤ አደጋውም እንዳይደርስ ወለሉን አስቀድሞ መመርመር ከብዙ ልቅሶ ይሻላል። ሦስተኛው፤ መውደቅ ነውር አይደለም፤ ነውር የሚሆነው ወድቆ መሬቱን መውደድ ነው። ዋንጫ በመደርደሪያ ላይ ሆኖ አቧራ ይለብሳል፤ በመከራ ቀን የተዘረጋ እጅ ግን በሰው ልብ ተጽፎ ከትውልድ ወደ ትውልድ ይተላለፋል። ጉመርስባኽ እንደ ገና ሻምፒዮን ብትሆን ደስ ያሰኛል፤ ባትሆንም ግን ማኅበሯ ስለ ዴካርም ያደረገው ነገር ከ12ቱ ድል በላይ ሆኖ ይኖራል።