ከወለድ መሸሽ ለባለገንዘብ ብቻ ነውን?



ከዱቦ፣ ከአረካና ከሶዶ ተነስተን አዲስ አበባ የገባን ወጣቶች ስንገናኝ ወሬያችን ኪራይ ነው። አንዲት ክፍል ለሦስት ለአራት እንካፈላለን። ኒካሕ ያሰበው ወንድማችን የሚያዘገየው መህሩ ሳይሆን ቤቱ ነው። "ለምን ኮንዶሚኒየም አልተመዘገብክም?" ሲባል "ወለድ አለበት" ይላል፤ ወሬው እዚያ ላይ ያበቃል።

እኛ ግን ወሬው ከዚያ መጀመር አለበት እንላለን።

በ2005 አዲስ አበባ ላይ የ10/90፣ የ20/80 እና የ40/60 ምዝገባ ሲከፈት ከ9 መቶ ሺህ በላይ ሰው ተመዝግቧል። 20/80 ማለት 20 በመቶውን ቆጥበህ የቀረውን 80 በመቶ ባንክ በወለድ የሚያበድርህ ነው። ሪባው ያለው በገንዘቡ አከፋፈል ላይ እንጂ በቤቱና በዕጣው ላይ አይደለም። ዝርዝር ብይኑን ለዑለሞቻችን እንተዋለን።

በ2009 በሰንጋተራና በክራውን ሳይቶች የተሠሩት 972 የ40/60 ቤቶች ዕጣ ሲወጣ ቅድሚያ ያገኙት ሙሉውን ዋጋ አስቀድመው የከፈሉ ናቸው። ገንዘብ ያለው ሰው ያለ ብድር ቤት የሚያገኝበት በር ነበረ ማለት ነው። በሊስትሮ፣ በቀን ሥራና በሱቅ ተቀጥሮ የሚያድረው ወጣት ግን ወይ ሪባ ወይ ዕድሜ ልክ ኪራይ ተብሎ ቀረ። እኛን የሚያሳስበን ይህ ነው። ዲኑን የሚጠብቅ ድሃ ከሀብታሙ እኩል ምርጫ ሊኖረው ይገባል።

ዛሬ መንገድ አለ። በ2013 ዘምዘም ባንክ ሥራ ሲጀምር ሀገራችን ሙሉ በሙሉ ከወለድ ነፃ የሆነ ባንክ አገኘች፤ ሂጅራ ባንክም ተከተለ። ሌሎች ባንኮችም ከወለድ ነፃ መስኮት አላቸው። በሙራበሓ ባንኩ ንብረቱን ገዝቶ፣ ትርፉን ቀድሞ አሳውቆ፣ በየወሩ በሚከፈል ዋጋ ይሸጥልሃል። ይህ አሠራር ለጋራ መኖሪያ ቤት ዕድለኞች ሁሉ በእኩል እንዲዘረጋ መጠየቅ መብታችን ነው። ጥያቄው በመስጂድ ደጃፍ በወሬ ሳይሆን በጽሑፍ፣ በመጅሊሳችን በኩል፣ ለቤቶች አስተዳደርና ለባንኮች ይቅረብ።

"ወረፋው መቼ ደርሶ?" የሚል አይጠፋም። እውነት ነው፤ በሐምሌ 2014 የወጣው የ25,491 ቤቶች ዕጣ እንኳ የተመዝጋቢዎች መረጃ ተነካክቶ በመገኘቱ ተሰርዞ በኅዳር 2015 እንደገና ወጥቷል። ግን ምዝገባ ሲከፈት መታወቂያም ቁጠባም የሌለው ሰው ወረፋው ውስጥ እንኳ አይገባም።

ስለዚህ ወንድሜ፣ እህቴ፦

ከቀበሌህ መሸኛህን አውጥተህ የምትኖርበት ከተማ መታወቂያ ያዝ። ያለ ነዋሪነት መታወቂያ የሚመዘግብህ የለም።

ከወለድ ነፃ ሒሳብ ክፈት፤ ትንሽም ቢሆን በየወሩ አስገባ።

ክፍል የምትጋሩ ልጆች ዕቁባችሁን ለቤት ቅድመ ክፍያ አድርጉት።

ሶዶም የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል አንዱ ማዕከል ከሆነች ወዲህ ይህ ጥያቄ እደጃችን መጥቷል። እዚያ የቤት ማኅበር ሲደራጅ፣ የአከፋፈሉ ውል ሲረቀቅ ከመጀመሪያው እንገኝ፤ ከወለድ ነፃ አማራጩም በውሉ ውስጥ ይጻፍልን እንበል።

አላህ ሐላል ሪዝቅና ሰላም ያለበት ቤት ይወፍቀን። አሚን።